ማወቅ፥ ማመን፥ እርግጠኛ መሆን
(ከኦሞ ሸለቆ በተገኙ ምሳሌዎች የቀረበ የጥናት ጽሑፍ)

«ዛሬ ስንተኛው ወር ነው?» የሚለው ጥያቄ ከጥያቄ ሁሉ የቀለለ ይመስላል። ነገር ግን ቅዳሜ ቀን በጂንካ ገበያ ቆሞ ይህንኑ ጥያቄ ለአላፊ አግዳሚው የሚያቀርብ ሰው መልሱ አንድ ብቻ እንዳልሆነ ያያል። የቢሮው ጸሐፊ በኢትዮጵያ ዘመን አቈጣጠር ይነግረዋል፤ ሙስሊሙ ነጋዴ የጾሙን ወር በጨረቃ ይቈጥራል፤ አገር ጐብኚ የሚመራው ወጣት የፈረንጁን ወር ለምዷል። ከማጎ ማዶ የመጣ የሙርሲ ሰው ደግሞ አንድ ቍጥር ይጠራል፤ አብሮት የመጣው ጓደኛው ግን «የለም፥ ገና ነው» ሊለው ይችላል። በዚህም ምክንያት አይጣሉም፤ ገበያቸውን ጨርሰው አብረው ይመለሳሉ።

እኛ ተማሪዎች ይህን ስንሰማ ፈጥነን «እንግዲያውስ ሁለቱም አያውቁም» እንላለን። እኔም በመጀመሪያ ያልሁት ይህንኑ ነበር። ነገሩን ቀስ ብዬ ስመረምረው ግን ያላወቅሁት እኔ ሆኜ ተገኘሁ። ያላወቅሁትም የሙርሲን ወር ብቻ ሳይሆን «ማወቅ» የምንለው ነገር ምን እንደ ሆነ ነው። ስለዚህ ይህን አሮጌ የፍልስፍና ጥያቄ ከአቴናና ከኦክስፎርድ ብቻ ሳይሆን ከራሳችን አገር ደቡባዊ ጫፍ፥ ከኦሞ ወንዝ ዳር፥ ምሳሌ እየወሰድን አብረን እንድንመለከተው አንባቢዎቼን እጋብዛለሁ።

ሀ. ሦስቱ ቃላት

በቋንቋችን ሦስት ቃላት ጐን ለጐን ይሄዳሉ፤ «አምናለሁ»፥ «ዐውቃለሁ»፥ «እርግጠኛ ነኝ» የሚሉት ናቸው። በዕለት ንግግራችን አንዱን በሌላው ቦታ እንተካለን፤ ሲመረመሩ ግን የተለያዩ ናቸው።

ማመን አንድን ነገር እውነት ነው ብሎ መቀበል ነው። ቃሉ ከዚህም ይሰፋል። «ወዳጁን አመነ» ስንል መተማመንን፥ «ጥፋቱን አመነ» ስንል ደግሞ በደልን ሳይክዱ መቀበልን እናመለክታለን። እርግጠኛ መሆን ግን የልብ ሁኔታ ነው፤ ጥርጥር የሌለበት ልብ እርግጠኛ ነው ይባላል። ይሁን እንጂ የልብ ጽናት ስለ ነገሩ እውነትነት ምንም አይመሰክርም። በፍጹም እርግጠኛነት የጻፈው መልስ በቀይ ቀለም ተሰርዞ ሲመለስለት ያላየ ተማሪ በመካከላችን የሚገኝ አይመስለኝም።

ማወቅ ከሁለቱም ይለያል። ሰው ሐሰት የሆነውን ነገር ሊያምነው ይችላል፤ በሐሰትም ላይ እርግጠኛ ሊሆን ይችላል። ነገሩ ሐሰት ሆኖ ከተገኘ ግን «ዐውቆት ነበር» አንልም፤ «ያወቀ መስሎት ነበር» እንላለን። እንግዲህ ለማወቅ የመጀመሪያው ግዴታ የታመነው ነገር እውነት መሆኑ ነው።

ታዲያ እውነት የሆነውን ነገር ማመን ብቻውን ዕውቀት ነውን? በግዕዝ መጻሕፍት አፍላጦን የሚባለው ፕላቶ «ሜኖን» በተባለው ድርሰቱ ይህን ጥያቄ አንሥቶ ነበር። መንገዱን ሄዶበት የሚያውቅ ሰውና በግምት ትክክለኛውን አቅጣጫ ያገኘ ሰው ሁለቱም ከተማው ይደርሳሉ፤ ታዲያ ዕውቀት ከትክክለኛ ግምት በምን ይበልጣል ብሎ ይጠይቃል። መልሱም ግምት እንዳልታሰረ ነገር ይሸሻል፥ በምክንያት ሲታሰር ግን ይረጋል የሚል ነው። ለምሳሌ ከጂንካ ወደ ኮንሶ የሚወስደውን መንገድ በግምት የያዘ ሰው አንድ ተጠራጣሪ መንገደኛ ሲቃወመው ልቡ ይዋልላል፤ ምክንያቱን የሚያውቅ ግን አይናወጥም። ከዚህም የተነሣ ዕውቀት ማለት በምክንያት የተደገፈ እውነተኛ እምነት ነው የሚለው ትርጓሜ ለብዙ ዘመን ሲያገለግል ኖረ፤ ምንም እንኳ ፕላቶ ራሱ «ቴአይቴቶስ» በተባለው ሌላው ድርሰቱ መርምሮት ሙሉ በሙሉ ባይረካበትም።

ለ. የቆመው ሰዓት

አሁን አንድ ነገር እናስብ። አንድ ተማሪ በጂንካ መናኸሪያ ወደ አርባ ምንጭ የሚሄደውን አውቶቡስ ይጠብቃል እንበል። በግድግዳው ላይ የተሰቀለውን ሰዓት ያያል፤ ከጧቱ ሦስት ሰዓት ይላል። ተማሪውም ሦስት ሰዓት ነው ብሎ ያምናል። በእርግጥም በዚያች ደቂቃ ሦስት ሰዓት ነው። ነገር ግን የግድግዳው ሰዓት ትናንት ሦስት ሰዓት ላይ ቆሟል፤ ተማሪው ግን ይህን አልሰማም።

የተማሪው እምነት እውነት ነው። ምክንያትም አለው፤ ሰዓት አይቷልና። ሆኖም «ሰዓቱን ዐወቀ» ለማለት ሁላችንም እናመነታለን፤ የረዳው ዕውቀት ሳይሆን አጋጣሚ ነው። ይህን የቆመ ሰዓት ምሳሌ የእንግሊዙ ፈላስፋ በርትራንድ ራስል በ1948 እ.ኤ.አ. ባሳተመው መጽሐፍ ተጠቅሞበታል። በ1963 እ.ኤ.አ. ደግሞ ኤድመንድ ጌቲየር የተባለ አሜሪካዊ መምህር ሦስት ገጽ ብቻ በሆነች ጽሑፍ እንዲህ ያሉ ምሳሌዎችን አቅርቦ ያንን አሮጌ ትርጓሜ አናጋው። ከዚያ ወዲህ ፈላስፎች ትርጓሜውን ለመጠገን ብዙ ደክመዋል።

እኛ ከዚህ ክርክር የምንወስደው አንድ ነገር ነው። የቆመው ሰዓት ጕድለቱ ውሸት መናገሩ አይደለም፤ በቀን ሁለት ጊዜ እውነት ይናገራልና። ጕድለቱ ጊዜው ሲለወጥ አብሮ አለመለወጡ ነው። ስድስት ሰዓትም ቢሆን «ሦስት» ማለቱን አይተውም። እንግዲህ አንድን እምነት ዕውቀት የሚያሰኘው አሁን እውነት መሆኑ ብቻ ሳይሆን፥ ነገሩ ቢለወጥ ኖሮ እርሱም ለመለወጥ ዝግጁ የነበረ መሆኑ ነው። ይህን ሐሳብ እንደ ፋና ይዘን ወደ ሙርሲዎች ወር እንመለስ።

ሐ. የሙርሲዎች ወር

በጨረቃ የሚቈጥር ሕዝብ ሁሉ አንድ የጋራ ችግር አለበት። 12 የጨረቃ ወራት ሲደመሩ 354 ቀን ያህል ናቸው፤ የፀሐይ ዓመት ግን 365 ቀን ከሩብ ያህል ነው። በየዓመቱ 11 ቀን ይተርፋል። ይህ ትርፍ ካልታረመ በጥቂት ዓመታት ውስጥ የመዝሪያ ወር የተባለው በአጨዳ ጊዜ ላይ ይውላል።

በዚያው በጂንካ ገበያ የሚገኙ ሰዎች ለዚህ ችግር ሦስት መፍትሔ አላቸው። የኦርቶዶክስ ቤተ ክርስቲያን ሊቃውንት ይህን 11 ቀን በባሕረ ሐሳብ ትምህርታቸው አበቅቴ ብለው፥ ከመጥቅዕ ጋር በ19 ዓመት ዙር እያሰሉ በዓላትን ያወጣሉ፤ ስሌቱንም በትውፊት ከእስክንድርያው ሊቀ ጳጳሳት ከድሜጥሮስ ያደርሱታል። ሙስሊሞች ደግሞ ትርፉን ይለቁታል፤ ስለዚህ ረመዳን በየዓመቱ 11 ቀን ያህል ወደ ኋላ እየመጣ ወቅቶችን ሁሉ ይዞራል። ሦስተኛው መፍትሔ የሙርሲዎች ነው።

የሙርሲዎችን አቈጣጠር ያጠኑት ከ1960ዎቹ እ.ኤ.አ. መጨረሻ ጀምሮ በመካከላቸው የኖረው የሥነ ሰብእ ሊቅ ዴቪድ ተርተንና የከዋክብት ተመራማሪው ክላይቭ ራግልስ ናቸው። በ1978 እ.ኤ.አ. ያወጡት ጽሑፍ «ላለመስማማት መስማማት» የሚል ርእስ አለው። እንደ ጽሑፋቸው ሙርሲዎች በርጉ የሚሉት ቈጠራ አላቸው፤ የዓመቱ ወራት በቍጥር ይጠራሉ፤ እያንዳንዱም ቍጥር ከዝናብ፥ ከእርሻና ከወንዙ ሁኔታ ጋር የተያያዘ ምልክት አለው። ነገር ግን በማናቸውም ጊዜ «አሁን ስንተኛው ነው?» ተብለው ሲጠየቁ መልሳቸው ይለያያል። አንዱ አምስተኛው ነው ሲል ሌላው ስድስተኛው ነው ይላል። የመጨረሻውን ቃል የሚናገር አለቃ ወይም የቈጠራ ሹም የለም። እያንዳንዱ ምክንያቱን ያቀርባል፤ ጕዳዩ ሳይቈረጥ ይቆያል።

ፍርድ የሚሰጠው ሌላ ነው። የኦሞ ወንዝ ከደጋው በሚወርደው የክረምት ዝናብ ይሞላል፤ በነሐሴና በመስከረም ገደማ ዳርቻውን አልፎ ይተኛል፤ ከዚያ ሲሸሽ ጥቁር ለም ጭቃ ይተዋል፤ በዚያም ጭቃ ላይ ማሽላ ይዘራል። በደቡብ ሰማይ የሚታዩ አንዳንድ ከዋክብትም በማታ ከዓይን መሰወራቸው ከወንዙ አነሣስ ጋር ይያያዛል። ወንዙና ከዋክብቱ ምልክታቸውን ሲያሳዩ ከሁለቱ ተከራካሪዎች አንደኛው ልክ እንደ ነበረ ይታወቃል። ሌላው «ተሳስቼ ነበር» ብሎ ቍጥሩን ያስተካክላል። በዚህም መንገድ ያ የ11 ቀን ትርፍ ያለ ስሌትና ያለ መጽሐፍ ይታረማል፤ የጨረቃው ቈጠራም ከፀሐይ ዓመት አይርቅም።

አንባቢ ሆይ፥ እዚህ ላይ ቆም በል። ቀደም ሲል «አያውቁም» ያስባለን አለመስማማት የዕውቀታቸው መሣሪያ ሆኖ ተገኘ። አንድ ሹም ተነሥቶ «ከዛሬ ጀምሮ ሁላችሁ አምስተኛ በሉ» ብሎ ቢያዝ ኖሮ ሙርሲዎች ፍጹም እርግጠኞች በሆኑ ነበር፤ በሦስትና በአራት ዓመት ውስጥ ግን ወራቸው ከወንዙ በተለየ ነበር። እርግጠኛነትን ባገኙ መጠን ዕውቀትን ባጡ ነበር ማለት ነው። ማንም እርግጠኛ ሳይሆን ሕዝቡ በአንድነት ያውቃል።

መ. የኪቢሽ ዐፅም

ይህ ነገር መጽሐፍ በማያነብ ሕዝብ ዘንድ ብቻ የሚሠራ የሚመስለው ሰው ቢኖር፥ ከዚያው ከታችኛው ኦሞ ሳንወጣ የሳይንስን ምሳሌ እንመልከት።

በ1967 እ.ኤ.አ. በሪቻርድ ሊኪ የተመራ ቡድን በኪቢሽ አካባቢ የጥንት ሰዎችን አፅም አገኘ። «ኦሞ አንድ» እና «ኦሞ ሁለት» ተብለው ተሰየሙ። በዚያ ዘመን በነበረው ዘዴ ዕድሜያቸው 130,000 ዓመት ያህል ተገመተ። በ2005 እ.ኤ.አ. ማክዱጋል፥ ብራውንና ፍሊግል የተባሉት ሊቃውንት በአካባቢው ያለውን የእሳተ ገሞራ አመድ ለክተው 195,000 ዓመት ገደማ ነው አሉ። በ2022 እ.ኤ.አ. ደግሞ ሴሊን ቪዳል የመራችው ቡድን ከአፅሙ በላይ የተነጠፈው አመድ ከሻላ እሳተ ገሞራ የመጣ መሆኑን አሳይታ፥ የ«ኦሞ አንድ» ዕድሜ ቢያንስ 233,000 ዓመት ያህል መሆኑን ገለጸች፤ ይህም 22,000 ዓመት ከፍ ወይም ዝቅ ሊል እንደሚችል አብራ ጻፈች።

ይህን ሰምቶ «እንግዲህ ሳይንስም አያውቅም፤ ዛሬ ያለውን ነገ ያፈርሳል» የሚል ወንድም በመካከላችን አይታጣም። ነገር ግን ቍጥሩ የተለወጠው በዘፈቀደ አልነበረም፤ አመዱ ስላስገደደ ነው። «ከፍ ወይም ዝቅ» የምትለዋም ቃል የሊቃውንቱ ድካም ምልክት አይደለችም፤ የታማኝነታቸው ምልክት ናት። ምን ያህል እንደሚያውቁ ብቻ ሳይሆን የት ላይ ሊሳሳቱ እንደሚችሉ ነገሩን። ለሙርሲዎች ወንዙ የሆነውን አመዱ ለሊቃውንቱ ሆናቸው።

ካርል ፖፐር በ1934 እ.ኤ.አ. ባወጣው መጽሐፍ የሳይንስ ሐሳብ ምልክቱ ፈተና ላይ ወድቆ ሐሰትነቱ ሊገለጥ መቻሉ ነው ብሎ ያስተማረው ይህንኑ ነበር። የአባቶቻችንም ምሳሌ «ያልጠረጠረ ተመነጠረ» ይላል።

ሠ. ራሱን የሚዘጋ እምነት

እስካሁን የተናገርነው ስለ ተከፈተ እምነት ነው። አሁን በዚያው ሸለቆ ስለ ነበረ ስለ ተዘጋ እምነት እንናገር። ነገሩ የሚያሳዝን ስለ ሆነ በጥንቃቄ ማንበብ ይገባል።

በካራ፥ በሐመርና በበና ሕዝቦች ዘንድ «ሚንጊ» የሚባል እምነት ነበረ። የላይኛው ጥርሱ ከታችኛው ቀድሞ የበቀለ ሕፃን፥ ወይም ወላጆቹ የሚገባውን ሥርዓት ሳይፈጽሙ የተወለደ ሕፃን እንደ ርኵስ ይቈጠር ነበር። እንዲህ ያለ ልጅ በሕይወት ቢቆይ ዝናብ ይቀራል፥ በሽታ ይገባል፥ ሕዝቡ ያልቃል ተብሎ ይታመናል። ስለዚህ ልጁ ወደ ጫካ ወይም ወደ ወንዝ ይወሰድ ነበር።

ይህን ያደረጉ ሰዎች ጨካኞች ስለ ነበሩ አይደለም። እናቶች አልቅሰዋል። ያደረጉት እርግጠኞች ስለ ነበሩ ነው። የዚህን እርግጠኛነት አሠራር እንመርምር። ልጁ ተወስዶ ዝናብ ቢዘንብ፥ እምነቱ እውነት መሆኑ «ታየ»። ልጁ ተወስዶ ዝናብ ባይዘንብስ? ያን ጊዜ «ሌላ የተደበቀ ሚንጊ አለ» ማለት ይቻላል። ዘነበም አልዘነበም እምነቱ አይነካም። ይህ እምነት እንደ ቆመው ሰዓት ነው፤ ጊዜው ምንም ቢሆን የሚናገረው አንድ ነው። በደቡብ ሱዳን የሚኖሩትን የአዛንዴ ሕዝብ ያጠናው ኤቫንስ ፕሪቻርድም በ1937 እ.ኤ.አ. ባወጣው መጽሐፍ የጥንቆላ እምነት ተቃራኒውን ማስረጃ ሁሉ እንዴት ወደ ራሱ ድጋፍ እንደሚለውጥ አሳይቷል።

ደገኛ የሆነው አንባቢ «ይህ የቈላ ነገር ነው» ብሎ እንዳያልፈው እለምናለሁ። በራሳችን ደጋ ቀጥቃጩን፥ ሸክላ ሠሪዋንና ሸማኔውን «ቡዳ» ብለን ስንት ትውልድ አገለልን? ልጁ ሲታመም «ቡዳ በላው» ይባላል፤ ሲድን «መድኃኒቱ አስለቀቀው» ይባላል፤ ሲሞት «ቀድሞ በልቶት ነበር» ይባላል። ተጠርጣሪው ቢክድ መካዱ፥ ዝም ቢል ዝምታው ማስረጃ ይሆንበታል። የእምነቱ አሠራር ከሚንጊ ጋር አንድ ነው። ከፊደል ጋር ሺህ ዓመት መኖራችን ከዚህ አላዳነንም።

የካራ ሰዎች ግን በሐምሌ 2004 ዓ.ም. ሚንጊን መተዋቸውን በይፋ ዐወጁ። ነገሩ በአንድ ቀን አልሆነም። ላሌ ላቡኮ የተባለው የካራ ተወላጅ፥ ከሕዝቡ መጀመሪያ ትምህርት ቤት ከገቡት አንዱ የነበረው፥ እርሱ ከመወለዱ በፊት ሁለት እኅቶቹ ሚንጊ ተብለው መሞታቸውን ከእናቱ ሰማ። ከዚያም ሚንጊ የተባሉ ሕፃናትን ከሽማግሌዎች እየለመነ ወስዶ በጂንካ ማሳደግ ጀመረ። ከጐረምሶች ጋር ተነጋገረ፤ ከሽማግሌዎች ጋር ብዙ ጊዜ ተቀመጠ። እንግዲህ ልብ በሉ፤ ያደረገው ሽማግሌዎቹን በመሳደብ አልነበረም። ለተዘጋው እምነት ፈተና የሚሆን ነገር በዓይናቸው ፊት አቆመ፤ ይኸውም በሕይወት ያለ ልጅ ነው። ውሳኔው የካራ ነበር፤ በጐረቤት ሕዝቦች ዘንድ ነገሩ በዚያ ቀን አልተዘጋም። ቢሆንም ጽኑ እርግጠኛነት ያለው ሕዝብ ራሱ መርምሮ ሊመለስ እንደሚችል ታላቅ ምስክር ነው።

ስለ መመርመር ስናነሣ በዘርዐ ያዕቆብ ስም የሚጠራውን «ሐተታ» ማለፍ አይቻልም። መጽሐፉ ሰዎች ከአባቶቻቸው የሰሙትን ሳይመረምሩ መቀበላቸውን ይነቅፋል፤ የፈጣሪ ስጦታ በሆነው ልቡና እንድንመረምር ያሳስባል። መጽሐፉ በ17ኛው መቶ ዘመን እንደ ተጻፈ ራሱ ይናገራል፤ ነገር ግን ካርሎ ኮንቲ ሮሲኒ በ1920 እ.ኤ.አ. የጻፈው በ19ኛው መቶ ዘመን በአገራችን የነበረው ጣሊያናዊው መነኵሴ ጁስቶ ዳ ኡርቢኖ ነው ብሎ ተከራከረ፤ ክላውድ ሰምነር ደግሞ የኢትዮጵያዊነቱን ወገን ይዞ በብዙ ደከመ። ክርክሩ እስከ ዛሬ አልተቋጨም። «መርምሩ» የሚለው መጽሐፍ ራሱ የምርመራ ጥያቄ ሆነ። ከእኛ ብዙዎቹ በአገር ፍቅር ወይም በንቀት ቀድመን እርግጠኞች እንሆናለን፤ ሐተታውን የሚያከብር ግን የሁለቱንም ወገን ማስረጃ የሚመዝን ነው።

ረ. ያለ እርግጠኛነት መዝራት

እዚህ ላይ አንድ ብርቱ ተቃውሞ ይነሣል። «ሁሉን እየተጠራጠርን እንዴት እንኖራለን? ገበሬው እርግጠኛ እስኪሆን ቢጠብቅ መቼ ይዘራል?»

በ1877 እ.ኤ.አ. ዊልያም ክሊፎርድ የተባለ የእንግሊዝ የሒሳብ ሊቅ ያለ በቂ ማስረጃ ማመን በደል ነው ብሎ ጻፈ። ምሳሌውም አሮጌ መርከቡን ሳያስመረምር «ደኅና ናት» ብሎ ራሱን ያሳመነ ባለ መርከብ ነው፤ መንገደኞቹ ሰጠሙ። መርከቢቱ በደኅና ብትመለስ እንኳ ሰውየው በደለኛ ነው ይላል፤ የማመን መብት አልነበረውምና። በ1896 እ.ኤ.አ. አሜሪካዊው ዊልያም ጄምስ ሲመልስ፥ በሕይወት ውስጥ ማስረጃው ሳይሟላ የግድ መወሰን የሚገባን ጊዜ አለ፤ አለመወሰንም ራሱ ውሳኔ ነው አለ።

ለእኔ ሁለቱም በኦሞ ዳር ይታረቃሉ። የሙርሲው ገበሬ ጄምስ እንዳለው እርግጠኛ ሳይሆን ይዘራል፤ ቢሳሳት የሚጐዳው ግን የራሱ ዘርና የራሱ ድካም ነው፤ ወንዙ ሲናገርም ይሰማል። በሚንጊ ጊዜ ግን ሽማግሌው ቢሳሳት የሚሞተው ሽማግሌው አልነበረም። እንደ ክሊፎርድ መርከብ፥ የስሕተቱን ዋጋ የሚከፍለው አፍ የሌለው ልጅ ነበር። እንግዲህ ሌላው ሰው በሚከፍልበት ነገር ላይ ከራሳችን ላይ ይልቅ አብልጠን ልንጠራጠር ይገባል።

ይህ ለሕፃናት ብቻ የሚሠራ ደንብ አይደለም። በ2006 እ.ኤ.አ. ሁለት ነገር ሆነ። በነሐሴ ኦሞ ከልክ በላይ ሞልቶ በዳሰነች ከ300 በላይ ሰው ገደለ። በዚያው ዓመት የግልገል ጊቤ ሦስተኛው ግድብ ሥራ ተጀመረ፤ ውሃ መያዝ የጀመረው በ2015 እ.ኤ.አ. ሲሆን በታኅሣሥ 2009 ዓ.ም. ተመረቀ። 1,870 ሜጋዋት የማመንጨት ኃይል አለው። ለከተሞቻችን መብራት፥ ለፋብሪካዎቻችን ጕልበት ነው፤ ሙላቱም ሰው የሚገድል መሆኑ ታይቷል። በኦሞ ዳር ለሚዘሩት ግን ያው ሙላት ጥቁሩን ጭቃ የሚያመጣ እንጀራ ነበር። ግድቡ ውሃውን ከያዘ ወዲህ ሙላቱ እንደ ቀድሞው በወቅቱና በመጠኑ መምጣቱን አቆመ፤ የማሽላው መሬትም ያለ ጭቃ ቀረ።

ግድብ መሥራት ስሕተት ነው ለማለት ይህን አልጻፍሁም፤ ይህ ሌላ ጽሑፍ የሚፈልግ ጕዳይ ነው። ነገር ግን ከርእሳችን ጋር የተያያዘ ጥያቄ አለ። መሐንዲሱ ስለ ውሃው መጠን ያውቃል፤ ገበሬው ውሃው ሲሸሽ ምን እንደሚተው ያውቃል። የአንዱ ዕውቀት በሠንጠረዥ የተጻፈ ስለ ሆነ «ዕውቀት» ተባለ፤ የሌላው በቃል ስለሚኖር «ባህላዊ እምነት» ተባለ። ስሕተት ቢኖር ግን የሚራበው ማን ነው? ደግሞም ከጭቃው ጋር ሌላ ነገር ሄዷል። ወንዙ የሙርሲዎችን የወር ክርክር የሚፈርድ ዳኛ ነበር። ዳኛው ዝም ሲል ክርክሩ በምን ይቈረጣል? ከዋክብቱ እንዳሉ ናቸው፤ ከዋነኞቹ ምስክሮች አንዱ ግን ከችሎቱ ቀርቷል። ዕውቀት በሰው ራስ ውስጥ ብቻ የሚኖር አይደለም፤ በሚያርመው ነገርም ውስጥ ይኖራል። የሚያርመውን ስናጠፋ ዕውቀቱንም እናቈስላለን።

ማጠቃለያ

ከዚህ ሁሉ የደረስሁበት አጭር ነው። ዕውቀት የሚለካው በልባችን ጽናት አይደለም። የሚለካው ለመታረም ባለው ዝግጁነት ነው። ስለዚህ በማናቸውም ጕዳይ፥ በፖለቲካም ቢሆን በሃይማኖት ክርክርም ቢሆን በትምህርታችንም ቢሆን፥ «ዐውቃለሁ» ከማለታችን በፊት ሦስት ነገር ራሳችንን እንጠይቅ።

1. ተሳስቼ ቢሆን ይህን የሚያሳየኝ ነገር ምንድን ነው? ምንም ነገር ሊያሳየኝ የማይችል ከሆነ የያዝሁት የቆመ ሰዓት ነው።
2. በአጠገቤ «የለም፥ ገና ነው» የሚለኝ ሰው አለን? ከሌለስ ያጣሁት እውነት ስለ ያዝሁ ነው ወይስ ስላስፈራሁት?
3. ብሳሳት ዋጋውን የሚከፍል ማን ነው?

በሚቀጥለው ዓመት ከእኛ አንዳንዱ በመምህርነት፥ በጤና ሥራ ወይም በጥናት ወደ ጂንካና ከዚያም ወዲያ ይሄዳል። ዲግሪ ይዞ የሚሄድ ሰው ይዞት የሚሄደው ትልቁ አደጋ እርግጠኛነቱ ነው። በጂንካ ያለውን የደቡብ ኦሞ የምርምር ማዕከልና ቤተ መዘክር አስቀድሞ ይጐብኝ፤ ከዚያም ሳይናገር ብዙ ይጠይቅ።

ለክፍል ውይይት እንዲሆኑም እነዚህን ጥያቄዎች አቀርባለሁ። (ሀ) ሰው ሁሉ የተስማማበት ነገር በመስማማቱ ብቻ ዕውቀት ይሆናልን? (ለ) ሊፈተን የማይችል እምነት ሁሉ መጣል አለበትን፥ ወይስ ማንንም የማይጐዳውን ለይተን እንተወዋለን? (ሐ) የመሐንዲሱና የገበሬው ዕውቀት በአንድ ጉባኤ ላይ እኩል እንዲሰሙ ምን ዓይነት ሥርዓት ያስፈልጋል?

በዚህ ጽሑፍ ውስጥ ስሕተት ያገኘ አንባቢ ዝም ብሎ እንዳያልፈኝ አደራ እላለሁ። በሚቀጥለው እትም «የለም፥ ገና ነው» ብሎ ይጻፍብኝ። ይህን ያህል ገጽ ጽፌ እንዲህ የሚለኝ ሰው ካጣሁ፥ ከሁለቱ የገበያ ጓደኛሞች ምንም አልተማርሁም ማለት ነው።